ሳሞ ሁንግ «ከሁለት ያጣ» አይደለም

ሰሞኑን ስለ ሆንግ ኮንጉ የፊልም ሰው ስለ ሳሞ ሁንግ የተጻፈ አንድ ጽሑፍ በደሴ የፊልም ወዳጆች መካከል ሲነበብና ሲያከራክር ሰንብቷል። ጸሐፊው የወሎ ልጅ ናቸው፤ በየቪዲዮ ቤቱ አግዳሚ ወንበር ላይ ተጣብቦ የካራቴ ፊልም እያየ ያደገውን ትውልድ በሚገባ ያውቁታል። የጽሑፋቸው ፍሬ ነገር ባጭሩ ይህ ነው፦ ሳሞ ሁንግ ተዋናይም፣ ዳይሬክተርም፣ የፍልሚያ አቀናባሪም፣ ፕሮዲውሰርም ካልሆንኩ ብሎ ጉልበቱን በተነው፤ በመጨረሻም ከሁለት ያጣ ሆኖ በጃኪ ቻን ጥላ ሥር ቀረ። ከዚህ ተነሥተውም በደሴ፣ በኮምቦልቻና በወልድያ በእጅ ስልክና በውሰት ካሜራ ፊልም የሚሞክሩ ወጣቶችን «አንድ ሥራ ምረጡ፤ የቀረውን ለባለቤቱ ተዉት» ብለው ይመክራሉ።

ጽሑፉ በቅንነት እንደተጻፈ አልጠራጠርም። ጸሐፊው ለወጣቶቹ የሚቆረቆሩ ሰው ናቸው፤ እኔም እንዲሁ። ደሴ ውስጥ ማርሻል አርት አስተምራለሁ፤ ተማሪዎቼ አጫጭር ፊልም ሲሠሩም የድብድቡን ክፍል አብሬያቸው አቀናብራለሁ። ምክራቸው ተቀባይነት ቢያገኝ የሚጎዳው እነዚህኑ ልጆች ስለሆነ ዝም ማለት አልቻልኩም። ነጥቦቹን እሳቸው ባነሷቸው ቅደም ተከተል እመልሳለሁ። የምጠቅሳቸው ዘመኖች ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

የመጀመሪያው ነጥባቸው «ሳሞ ሁንግ ከጃኪ ቻን ጥላ ወጥቶ አያውቅም» የሚል ነው። የሁለቱን ሰዎች ታሪክ ከመነሻው ለሚያይ ሰው ነገሩ የተገለበጠ ነው። ሳሞ በ1952 ሆንግ ኮንግ ተወለደ። ሴት አያቱ ቺን ጺ-አንግ በቀደመው የቻይና ሲኒማ የማርሻል አርት ፊልሞች ተዋናይት ነበሩ። በ1961፣ ገና የዘጠኝ ዓመት ልጅ ሳለ፣ መምህር ዩ ጂም-ዩን ወደሚመሩት የፔኪንግ ኦፔራ (ዘፈን፣ ትወናና መገለባበጥ የሚዋሐዱበት የቻይና ባህላዊ ቲያትር) ትምህርት ቤት በሰባት ዓመት ውል ገባ። በዚያ ቤት ውል ማለት ልጅን አስረክቦ መሄድ ነበር። መምህሩ ያበሉታል፣ ያሳድሩታል፣ ያስተምሩታል፣ ይገርፉታልም። ልጆቹ ከማለዳ እስከ ማታ ይገለባበጣሉ፤ በእጃቸው ቆመው ክንዳቸው እስኪንቀጠቀጥ ይቆያሉ፤ ይዘፍናሉ፤ በጦርና በሰይፍ ይለማመዳሉ። ጃኪ ቻንና ዩን ቢያዎም የዚያው ቤት ልጆች ናቸው። ሳሞ በዕድሜም በሥልጠናም ይቀድማቸው ስለነበር «ታላቅ ወንድም» ይሉት ነበር፤ በሆንግ ኮንግ የፊልም መንደርም እስከ ዛሬ የሚጠራው በዚሁ ነው።

ታላቅነቱ በስም ብቻ አልነበረም። በ1984 ባርሴሎና ውስጥ የተቀረጸውን «ዊልስ ኦን ሚልስ» እንውሰድ። የጃኪ ቻን ምርጥ ፍልሚያ የቱ ነው ሲባል ብዙ አዋቂ ተመልካች ጣቱን የሚቀስረው በዚህ ፊልም መጨረሻ ላይ ከአሜሪካዊው የኪክቦክሲንግ ሻምፒዮን ከቤኒ ኡርኪዴዝ ጋር ወዳደረገው ነው። ኡርኪዴዝ ዞሮ እግሩን ሲወረውር የእግሩ ነፋስ ተደርድረው የሚነዱትን ሻማዎች ያጠፋቸዋል። እግሩ ማንንም አልነካም። ተመልካቹ ግን ያ እግር ፊት ላይ ቢያርፍ ምን ሊያደርግ እንደሚችል በዓይኑ አይቷል፤ ከዚያች ደቂቃ ጀምሮ ለጃኪ ይፈራል። የፊልሙ ዳይሬክተር ሳሞ ሁንግ ነው። በ1988ም ሦስቱ የኦፔራ ቤት ልጆች ለመጨረሻ ጊዜ አብረው በዋና ተዋናይነት የታዩበትን «ድራጎንስ ፎርኤቨር» ከኮሪ ዩን ጋር የመራው እሱ ነው። ጃኪ ቻን በዓለም ዙሪያ የበለጠ ታወቀ፤ ይህ አያከራክርም። ነገር ግን የሌላውን ሰው ምርጥ ፍልሚያ የሚመራ ሰው በዚያ ሰው ጥላ ሥር አለ ማለት አይቻልም።

ሌላም ልጨምር። በ1989 በሠራው «ፔዲካብ ድራይቨር» ሳሞ በማካዎ ከተማ ባለሦስት እግር ሳይክል እየነዳ ሰው የሚያመላልስ ምስኪን ሠራተኛ ሆኖ ይጫወታል፤ ኑሮው ለከተማችን ባጃጅ ነጂ ያለ ማብራሪያ የሚገባው ነው። በዚያ ፊልም ውስጥ ከላው ካር-ሊዩንግ ጋር በዱላ ይፋለማል። ላው ካር-ሊዩንግ የሻው ብራዘርስ ኩባንያ ታላቅ የፍልሚያ አቀናባሪና ዳይሬክተር የነበረ፣ በሙያው የሳሞ ተፎካካሪ ሊባል የሚችል ሰው ነው። ሳሞ በራሱ ፊልም፣ በራሱ ካሜራ ፊት ይህን ሰው የበላይ አድርጎ አቆመው። ስለ ራሱ ስም የሚጨነቅ ሰው እንዲህ አያደርግም።

ሁለተኛው ነጥብ የጽሑፉ ዋና ምሰሶ ስለሆነ ሰፋ አድርጌ እመለስበታለሁ። ጸሐፊው «ድብድብ ማቀናበር ሌላ፣ ፊልም መምራት ሌላ፣ መተወን ሌላ ሙያ ነው፤ ሦስቱን የያዘ አንዱንም አያጠብቅም» ይላሉ። ይህ አባባል በብዙ አገር የፊልም አሠራር ላይ ሊያስኬድ ይችላል። በሆንግ ኮንግ ግን ሥራው እንዲህ አልተከፋፈለም ነበር።

እንዴት ይሠራ እንደነበር ላስረዳ። የውጊያው ትዕይንት ቀን ሲደርስ ዋናው ዳይሬክተር ብዙውን ጊዜ ዞር ይላል፤ ቦታውን የሚረከበው የፍልሚያ አቀናባሪው ነው። ካሜራው የት ይቁም፣ ከፍ ይበል ወይስ ዝቅ፣ ቀረጻው የት ይጀምር የት ይቆረጥ የሚለውን የሚወስነው እሱ ነው። ፍልሚያውን ከዳር እስከ ዳር አስደብድቦ ከብዙ ማዕዘን መቅረጽ የለም። አራት ወይም አምስት፣ አንዳንዴም አሥርና ከዚያ በላይ እንቅስቃሴ ያለው አንድ ቅብብል ይቀናበራል፤ ለዚያ ቅብብል ከሁሉ የሚሻለው አንድ ማዕዘን ይመረጣል፤ ይቀረጻል። ከዚያ ካሜራው ይነሣና የሚቀጥለው ቅብብል ለሚቀጥለው ማዕዘን ይፈጠራል። ስለዚህ አቀናባሪው ገና ሜዳ ላይ ቆሞ ፊልሙን በጭንቅላቱ እየቆረጠና እየቀጠለ ነው። ድምፅ በቀረጻ ጊዜ ስለማይያዝ ተዋናዮቹ እየተፋለሙ እሱ እየጮኸ መምራት ይችል ነበር። ምቱ ለዓይን እንዲታይ ልብስ ላይ ዱቄት ይነሰነስ ነበር፤ ቡጢው ሲያርፍ ብናኙ ብን ይላል። ካሜራው በሰከንድ በ24 ፋንታ በ22 ምስል እንዲቀርጽ ይደረግና ፊልሙ ሲታይ እንቅስቃሴው በመጠኑ ይፈጥናል።

ይህን ሁሉ የሚያደርግ ሰው ምን ይባላል? አቀናባሪ ነው፤ ዳይሬክተር ነው፤ የምስል አቀናባሪም ነው። ሳሞ ሦስት ሙያ ላይ አልተንጠለጠለም። አንድ ሙያ ነበረው፤ እሱም የሰውን አካል በካሜራ ፊት አንቀሳቅሶ ታሪክ መናገር ነው። የቀረው ስሙ በፊልሙ መግቢያ ላይ በስንት መስመር ይጻፍ የሚል ጥያቄ ነው።

ጸሐፊው ወሎዬ ስለሆኑ ይህን ለመረዳት ሩቅ መሄድ አያስፈልጋቸውም። የእኛ አዝማሪ ግጥሙን ይገጥማል፣ ማሲንቆውን ይመታል፣ ይዘፍናል፣ ከአድማጭ የተቀበለውን ስንኝ በዚያው ቅጽበት አስማምቶ ይመልሳል፣ የቤቱን ስሜት እያየም ከአምባሰል ወደ ባቲ ይሻገራል። ግጥሙን ለአንዱ፣ ማሲንቆውን ለሌላው፣ ዜማውን ለሦስተኛው ይተው ብንለው ሥራው ይፈርሳል፤ ሁሉም ነገሮች ከአንድ ትንፋሽ የሚወጡ ናቸውና።

ደግሞም ሳሞ እነዚህን ሥራዎች በአንድ ቀን አልሰበሰባቸውም። ከኦፔራ ቤት እንደወጣ መጀመሪያ የሠራው መውደቅ ነው፤ በዋና ተዋናይ ፋንታ ከፎቅ የሚዘል፣ በደረጃ የሚንከባለል፣ ስሙ የማይጻፍ ስታንትማን ነበር። ከዚያ የኪንግ ሁ ፊልሞች የፍልሚያ አቀናባሪ የነበረው ሃን ዪንግ-ቺዬ ረዳት ሆነ። ኪንግ ሁ ማለት «ኤ ተች ኦፍ ዜን» በተባለው ፊልሙ በ1975 በካን ፌስቲቫል የቴክኒክ ሽልማት ያገኘው ዳይሬክተር ነው። በ1973 ሳሞ የዚሁ ታላቅ ዳይሬክተር የሌላ ፊልም ፍልሚያ አቀናባሪ ለመሆን በቃ። በዚያው ዓመት የወጣው «ኢንተር ዘ ድራጎን» ሲጀምር በሻኦሊን ገዳም አደባባይ ከብሩስ ሊ ጋር የሚገጥመው ወፍራም ወጣት እሱ ነው። እኛ ቪዲዮ ቤት ስናየው ስሙን አናውቅም ነበር፤ «ያ ወፍራሙ» እንለው ነበር። የመጀመሪያ ፊልሙን የመራው በ1977 ነው። ኦፔራ ቤት ከገባ አሥራ ስድስት ዓመት ሆኖታል ማለት ነው። ጉልበቱን የበተነ ሰው መንገድ ይህን አይመስልም። እያንዳንዱ ሥራ ከቀደመው ሥራ ውስጥ ነው የበቀለው።

ፍሬውን ለማየት ደግሞ በ1981 የወጣውን «ዘ ፕሮዲጋል ሰን» ጊዜ ሰጥቶ ማየት ይበቃል። ሳሞ በዚህ ፊልም ጽፏል፣ መርቷል፣ ከጓደኞቹ ጋር ፍልሚያውን አቀናብሯል፣ ተጫውቷልም። በጸሐፊው ስሌት ይህ ፊልም የተዝረከረከ መሆን ነበረበት። እስቲ አንዱን ትዕይንት ቀረብ ብለን እንየው። ላም ቺንግ-ዪንግ የሴት ገጸ ባሕርይ የሚጫወት የኦፔራ ተዋናይ ሆኖ ቀርቧል፤ ቅንድቡ ተላጭቷል፤ ድምፁ ዝግ ያለ ነው፤ ዊንግ ቹን የተባለው የቻይና የፍልሚያ ጥበብ ግን በእጁ ላይ አለ። አስም አለበት። ከአንድ የመኳንንት ልጅ ጋር ሲፋለም ሁለቱ እኩል ለእኩል ናቸው፤ እጅ ከእጅ አይላቀቅም። በመሃል የላም ትንፋሽ ይቆረጣል። እንቅስቃሴው ሳይሆን ደረቱ ሲጨነቅ እናያለን። ባላጋራውም የሚፈልገው የታመመ ሰው ማሸነፍን ስላልሆነ እጁን ይሰበስባል።

በዚህ ትዕይንት ውስጥ ድርሰቱ የቱ ጋ ያልቃል? ፍልሚያው የቱ ጋ ይጀምራል? ትወናውስ? የአስሙ ሐሳብ ከደራሲው ነው እንበል፤ ምቱ የሚቆምበትን ቅጽበት የሚያውቀው ግን አቀናባሪው ነው፤ ካሜራውን ከእጅ ወደ ደረት የሚያዞረው ዳይሬክተሩ ነው፤ በሕመምተኛ ሰው ትንፋሽ መፋለም ምን እንደሚመስል የሚረዳው ተዋናይ የሆነ ሰው ነው። አራት ሰዎች ተስማምተው ሊሠሩት ይችሉ ይሆናል። አንድ ሰው ሁሉንም ሲያውቀው ግን እንዲህ ያለ ስፌት የሌለው ነገር ይወጣል።

ለሰነድ ያህል ደግሞ ይህን ላስቀምጥ። በ1983 በተካሄደው የሆንግ ኮንግ የፊልም ሽልማት «ዘ ፕሮዲጋል ሰን» በፍልሚያ ቅንብር አሸነፈ። በዚያው ሥነ ሥርዓት ሳሞ ሁንግ በሌላ ፊልሙ የምርጥ ተዋናይ ሽልማትን ከሌላ ተዋናይ ጋር ተጋርቶ ወሰደ። በአንድ ምሽት፣ በአንድ መድረክ፣ በሁለት ሙያ! «ከሁለት ያጣ» የሚለው ፍርድ ከዚህ ጋር እንዴት ሊታረቅ እንደሚችል አይገባኝም።

ሦስተኛው ነጥብ ስለ ሰውነቱ ነው፤ «ውፍረቱን ለሳቅ ሸጠ» ተብሏል። ስለ ሰው ሰውነት እንዲህ መጻፉ ራሱ ደስ አላለኝም፤ ያም ሆኖ እመልሳለሁ። በ1978 «ኢንተር ዘ ፋት ድራጎን» በተባለው ፊልሙ ብሩስ ሊን የሚያመልክ የገጠር ልጅ ሆኖ ይጫወታል። ልጁን ያዩት ሁሉ ይስቁበታል። ከዚያ ይነሣና የብሩስ ሊን አረማመድ፣ ጩኸት፣ የአፍንጫ መጥረግ ሳይቀር አንድም ሳያጎድል ያሳያል፤ ያን ጊዜ የሳቁት ዝም ይላሉ። ፊልሙ የተሠራው ብሩስ ሊ ከሞተ በኋላ ስሙን እየነገዱ አስመሳዮች በበዙበት ዘመን መሆኑን ለሚያውቅ ሰው የፍቅርና የቁጭት ሥራ ነው። በ1985 ደግሞ «ሃርት ኦፍ ድራጎን» ውስጥ የአእምሮ እድገት ውስንነት ያለበትን ታላቅ ወንድም ሆኖ፣ ጃኪ ቻን ደግሞ እሱን የሚጦር ፖሊስ ታናሽ ሆኖ ተጫውተዋል። ፊልሙን የመራውም ራሱ ሳሞ ነው።

ሁሉን የሚዘጋው ግን በ1988 የወጣው «ፔይንትድ ፌስስ» ነው። በዚህ ፊልም ሳሞ የተጫወተው የራሱን መምህር፣ ዩ ጂም-ዩንን ነው። በልጅነቱ የገረፉትን፣ ያበሉትን፣ ሰው ያደረጉትን ሰው። ተመልካች እየቀነሰ ሲሄድ ትምህርት ቤታቸው የሚደክምባቸው፣ ያሳደጓቸው ልጆች ወደ ፊልም ስቱዲዮ ሲበተኑ ብቻቸውን የሚቀሩ አዛውንት ሆኖ ይታያል። ይቅርታም ክስም አይደለም፤ መምህሩን ከነጭካኔያቸውና ከነፍቅራቸው አቆማቸው። በዚህ ሚናው በታይዋን የወርቃማው ፈረስ ሽልማትንም፣ በ1989 የሆንግ ኮንግ የምርጥ ተዋናይ ሽልማትንም አገኘ። በፊልሙ ውስጥ ድብድብ የሚሠራው እሱ አይደለም። እኔ ማርሻል አርት የማስተምር ሰው በመሆኔ ይህን ፊልም ሳይ ከሌሎቹ ሁሉ ይበልጥ ይነካኛል፤ ልጅ ላይ እጅ ማንሣት ምን እንደሚያፈራ የሚያስጨንቅ ጥያቄ ያነሣል።

አራተኛው ነጥብ «ፕሮዲውሰርነቱ ለገንዘብ ነበር» የሚል ነው። ገንዘብ ያላየ ፕሮዲውሰር የለም። ነገር ግን ሳሞ ገንዘቡን ምን ላይ እንዳዋለው እንመልከት። በ1980 ራሱ በመራው ፊልም የአስፈሪ ታሪክን፣ የሳቅንና የኩንግ ፉን መንገድ አገናኘ። በ1985 ግን ዘውጉን ለራሱ ይዞ አልቀረም፤ «ሚስተር ቫምፓየር»ን ፕሮዲውስ ሲያደርግ ዳይሬክተርነቱን ለሪኪ ላው፣ ዋናውን ሚና ለላም ቺንግ-ዪንግ ሰጠ። ላም ከታዋቂዎች ኋላ ሲወድቅና ሲያቀናብር የኖረ የሳሞ ቡድን ሰው ነው፤ እየዘለለ የሚሄደውን የቻይና ሙት የሚገታው ባለ ቢጫ ካባ ቄስ ሆኖ ስሙ የታወቀው በዚህ ፊልም ነው። በዚያው ዓመት ሳሞ ፕሮዲውስ ባደረገው «የስ፣ ማዳም» ሚሼል ዮ የመጀመሪያውን ዋና የፍልሚያ ሚናዋን አገኘች። እሷ የባሌት ዳንሰኛ እንጂ የማርሻል አርት ሰው አልነበረችም። በ2023 የኦስካር ሽልማት ስትቀበል የዓለም ሚዲያ ሁሉ ስሟን ጠራ፤ በሩን ከከፈቱላት ሰዎች አንዱ ግን ይኸው «ለገንዘብ» የተባለው ፕሮዲውሰር ነው።

ጸሐፊው ሳሞን መተቸት ከፈለጉ እውነተኛ ድካም አለው። በ1980ዎቹ አጋማሽ በሠራቸው የጓደኛሞች ኮሜዲዎች ውስጥ ሴቶች የሚቀለድባቸው መንገድ ዛሬም ያኔም ደስ የሚል አይደለም። ከእኅትና ከሴት ልጅ ጋር ተቀምጦ ለማየት የሚያሳፍሩ ክፍሎች አሏቸው። ይህን ቢያነሱ ኖሮ አልከራከራቸውም ነበር። ግን አላነሱትም።

አምስተኛው ነጥብ «አሜሪካ ሄዶ አለቀለት» ይላል። ከ1998 እስከ 2000 በአሜሪካ ሲቢኤስ ቴሌቪዥን በተላለፈው «ማርሻል ሎው» ዋና ተዋናይ ነበር። ከዚያ በኋላ በ2005 በማርሻል አርት ተዋናዩ በዶኒ የን ላይ የተነሣ አስፈሪ የወንበዴ አለቃ ሆኖ ተጫወተ፤ በ2008 የ«ኢፕ ማን»ን ፍልሚያ አቀናበረ፤ በ2010 ሁለተኛውን ክፍል እንደገና አቀናብሮ ከዶኒ የን ጋር በክብ ጠረጴዛ ላይ ቆሞ ተፋለመ። የልብ ቀዶ ሕክምና ካደረገ ገና ብዙም አልቆየም ነበር። ሁለቱም ፊልሞች በሆንግ ኮንግ በፍልሚያ ቅንብር ተሸልመዋል። በ2024 የዕድሜ ልክ አገልግሎት ሽልማት ተሰጠው። አለቀለት የተባለው ሰው ከዚያ በኋላ ከሃያ ዓመት በላይ ሠርቷል።

አሁን ወደ እኛው ቤት፣ ወደ ስድስተኛው ነጥብ ልምጣ። «የወሎ ወጣት ሳሞን አይከተል፤ አንድ ሥራ ይምረጥ» ብለዋል። ለዚህ ምክር መነሻ የሆናቸው ነገር እውነት መሆኑን አውቃለሁ። በድርሰት፣ በዳይሬክቲንግ፣ በፕሮዲውሰርነትና በዋና ተዋናይነት የአንድ ሰው ስም አራት ጊዜ የተጻፈበትና ከአራቱ አንዱም ያልተሟላበት ፊልም ሁላችንም አይተናል። ያስቆጫል። ምክንያቱን ግን ጸሐፊው ሌላ ቦታ ነው የፈለጉት። እነዚያ ሰዎች የሳቱት ብዙ ሥራ በመያዛቸው አይደለም፤ የያዙት ሁሉ የላይኛውን በመሆኑ ነው። መብራት አልተሸከሙም፤ በሌላ ሰው ፋንታ አልወደቁም፤ የሌላውን ፊልም በረዳትነት አልሠሩም። ሳሞን ከተከተሉማ የሚጀምሩት ከመውደቅ ነበር።

ሥራችንን ከቅርብ ላሳይ። በጦሳ ተራራ ግርጌ ሜዳ ላይ አንድ የርግጫ ትዕይንት ስንቀርጽ ካሜራው ከጎን ነበር። ተመልካች የሚያየው እግሩ ፊቱ ጋ ሳይደርስ በክንድ ርቀት ማለፉን ነው። ተዋናዩ ቴኳንዶ የሠለጠነ ልጅ ስለሆነ እግሩ ኢላማው ጋ ሲደርስ ይቆማል፤ ለውድድር ጥሩ ነው፣ ለፊልም ግን ምቱን ይገድለዋል። ካሜራ የያዘው ወጣት ደጋግሞ ቀረጸ፤ አልሆነም። መፍትሔውን ያመጣው ሲረገጥና ሲወድቅ የዋለው ልጅ ነው። ከወደቀበት ጭድ ከተሞላ ጆንያ ላይ እየተነሣ «ካሜራው ከእኔ ትከሻ ኋላ ይሁን፤ ዝቅም ይበል፤ እኔ ጭንቅላቴን እግሩ ካለፈ በኋላ ላዙር» አለ። ካሜራው ከተመቺው ትከሻ ኋላ ሲሆን በእግሩና በፊቱ መካከል ያለው ክፍተት አይታይም። ጭንቅላቱ ትንሽ ዘግይቶ ሲዞር ደግሞ ምቱ ክብደት ያገኛል። እንደገና ሲወድቅ ትከሻው አሸዋ ነካና ተላጠ፤ ጓደኞቹ «አብሽር» እያሉ አነሡት። ትዕይንቱ ግን ተያዘ።

ይህ ልጅ በጸሐፊው ምክር ቢሄድ ኖሮ «እኔ ወዳቂ ነኝ፤ ካሜራው የሌላ ሰው ሥራ ነው» ብሎ ዝም ይል ነበር። ካሜራ ያዡም የመውደቅን ነገር ስለማያውቅ እስኪመሽ ድረስ ከጎን ሲቀርጽ ይውል ነበር። ጥቂት ሆነን፣ የውሰት ካሜራ ይዘን፣ ፀሐይ ሳትጠልቅ ለመጨረስ በምንሯሯጥበት ሥራ ላይ «እኔ ዳይሬክተር ብቻ ነኝ» ብሎ የሚቆም ሰው ቢያንስ አንድ ጥንድ እጅ ያጎድልብናል። ከዚያም የሚብሰው የሚመራውን ሥራ ከውስጥ አለማወቁ ነው። ልጅ ከግንብ ላይ እንዲዘል የሚያዝ ሰው ራሱ ከግማሹ ከፍታ እንኳ ዘሎ የማያውቅ ከሆነ አደጋውን መመዘን አይችልም።

ስለዚህ እኔ ተማሪዎቼን የምመክረው ከጸሐፊው ምክር በተቃራኒው ነው። ዛሬ የተዋነ ነገ ካሜራ ይያዝ፤ ካሜራ የያዘ ይውደቅ፤ የወደቀ ኮምፒውተር ላይ ተቀምጦ የራሱን ትዕይንት ይቁረጥ። ከጊዜ በኋላ አንዱ ወደ ድርሰት፣ ሌላው ወደ ቅንብር ማዘንበሉ አይቀርም። ያ ምርጫ ግን ሁሉን ከቀመሱ በኋላ ይምጣ እንጂ ሳይቀምሱ በጽሑፍ አይታዘዝባቸው።

ጸሐፊውንም አንድ ነገር እጠይቃለሁ። የእሳቸው ብዕር በአካባቢያችን ይነበባልና በሚቀጥለው ጽሑፋቸው የወሎን ወጣቶች ፊልም ሲገመግሙ ከዋና ተዋናዩና ከዳይሬክተሩ ስም ጋር ፍልሚያውን ያቀናበረውን፣ በሌላው ፋንታ የወደቀውን፣ ጆንያውን ጭድ ሞልቶ ተራራ ያወጣውን ልጅ ስምም ይጻፉልን። እኛም በበኩላችን ከአሁን በኋላ በምንሠራቸው አጫጭር ፊልሞች መጨረሻ ላይ እነዚህን ስሞች ከየሥራቸው ጋር፣ ከዋና ተዋናዩ ስም ባልተናነሰ ፊደል እንጽፋለን።